ያ ጩኸት የተቀዳበት ቅዳሜ

ዘፈኑን ካወቃችሁት ጩኸቱንም ታውቁታላችሁ። መጨረሻው አካባቢ ጊታሩ ጸጥ ይልና አንድ ሰው አንጀቱ የተቆረጠ ይመስል "አባዬ!" ብሎ ይጮኻል። ከመገናኛ ወደ መሪ በሚሄድ ታክሲ ውስጥ ተሳፋሪው አብሮ ሲጮኽ በጆሮዬ ሰምቻለሁ፤ ሹፌሩ ሳይቀር። አንዲት የሬዲዮ ጋዜጠኛ "ያንን ስሜት ከየት አመጣኸው?" ብላ ስትጠይቀኝ ዓይኔን ጨፈን አድርጌ "ከውስጥ" አልኳት። ውሸቴን ነው። ጎረቤቶቼ ናቸው ያመጡልኝ፣ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው።

እኔ የሁለተኛ ደረጃ የፊዚክስ መምህር ነኝ። አርባ ሁለት ዓመቴ ነው፣ አላገባሁም፣ መሪ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ባለ ሁለት መኝታ ቤት አለኝ፣ ሮክ እወዳለሁ። ከዚህ ሁሉ ውስጥ ሰው ከልቡ የሚያዝንልኝ ለመጨረሻው ነው። "ሮክ በአማርኛ? ምነው፣ አሞሃል እንዴ?" ያላለኝ የሥራ ባልደረባ የለም።

አባቴ የሚኖረው የካ ሚካኤል ነው፣ መንገዱ ወደ እንጦጦ ሽቅብ መውጣት ከሚጀምርበት ጋ። ዕድሜውን ሙሉ የከተማ አውቶብስ ነድቶ ጡረታ የወጣ፣ ኩሩ፣ ሲናደድ በኦሮምኛ ጀምሮ በአማርኛ የሚጨርስ ሰው ነው። እናቴ ከሞተች ሦስት ዓመቷ ነው። ከዚያን ጊዜ ጀምሮ አንድ ነገር ብቻ ነው የምለምነው፤ እኔ ጋ ና፣ አንዱ መኝታ ቤት ባዶውን ተቀምጧል። እሱ ግን ወይ ፍንክች!

"ምን ሆኜ ነው ቤቴን ዘግቼ የምመጣው?" ይለኛል። "የእኔ ቤት መቼ ሰው ተለይቶት ያውቃል? ደግሞ አራተኛ ፎቅ! እኔ እርግብ ነኝ?"

እሑድ እሑድ ስሄድ በእርግጥም ጠረጴዛው ላይ ሦስት ብርጭቆ አገኛለሁ፣ የሻይ አተላ ያለባቸው። "ወይኔ፣ አሁን በዚህ ወጡ እኮ! ትንሽ ቀደም ብለህ ቢሆን ታገኛቸው ነበር" ይላል። ስም አይጠራም። እኔም ደስ ይለኝ ነበር፣ እሰይ፣ ሰው አለው እያልኩ።

አንድ እሑድ መንገዱ ቀንቶኝ ከሰዓቴ በፊት ደረስኩ። የግቢው በር ገርበብ ብሎ ነበርና ገባሁ፤ በመስኮት አየሁት። አባቴ ሦስት ብርጭቆ ደርድሮ ሻይ ቀዳ። ከአንደኛው ጠጣ። ከሁለተኛው ፉት አለ። ከሦስተኛውም ፉት አለ። የተረፈውን ወስዶ ደፋው። ከዚያ ወንበሮቹን እዚህም እዚያም ገፋ ገፋ አደረጋቸው፣ ሰው ሲነሳ እንደሚገፋቸው፣ እና ተቀምጦ በሩን ማየት ጀመረ።

ተመልሼ ወጣሁ። አጥሩ ጥግ ሩብ ሰዓት ያህል ቆሜ በሰዓቴ ገባሁ። "እንግዳ ነበረህ እንዴ?" አልኩት። "ምን ይጠየቃል! አሁን በዚህ ወጡ" አለኝ። ብርጭቆዎቹን ሲያጥብ ጀርባውን አየሁና ልቤ ድቅቅ አለ።

ዘፈኑን በዚያው ሳምንት ጻፍኩት። መጀመሪያ ስለ አንድ ሽማግሌ ነበር። ሲግናል ከአንድ ጎሚስታ ቤት ጀርባ ትንሽ ስቱዲዮ ያለው ጓደኛ አለኝ፤ ወስጄ ስዘፍንለት እጁን አገጩ ላይ አድርጎ ሰማና፣ "ዜማው አንደኛ ነው። ግን 'እሱ፣ እሱ' ምንድን ነው? ብቸኝነት በ'እሱ' ይዘፈናል እንዴ? 'እኔ' በለው!" አለኝ። ነገሩ ለእኔም ተመቸኝ፤ አባቴን ከሰው ዓይን ይደብቅልኛል። እንዲህ ሆነ፦

ማንም ያልጠጣበት ብርጭቆ አጥባለሁ፣
ማንም ያላንኳኳው በር እከፍታለሁ፣
ሰው አለኝ እላለሁ፣ ሰው አለኝ እላለሁ።

ሙዚቃውን ስቱዲዮው ውስጥ ጨረስነው። ድምፄን ልንቀዳ ስንል ግን መከራ ሆነ። ለስለስ ያለው ቦታ ላይ በደረስኩ ቁጥር የጎሚስታው ኮምፕሬሰር ይነሳል። ስለ ባዶ ቤት ስዘፍን ከኋላዬ የሲኖትራክ ጎማ ይነፋል። ጓደኛዬ ተስፋ ቆርጦ ማይክራፎኑንና ላፕቶፑን አሸከመኝ። "ቤትህ ሂድና ቅዳው። ብቻህን አይደለህ የምትኖረው? ጸጥታ ነው" አለኝ። ይሄ ሰው ኮንዶሚኒየም ኖሮ አያውቅም።

የሕንፃችን እድር ፀሐፊ ልክ ከእኔ በታች ሦስተኛ ፎቅ የሚኖሩ ትልቅ እናት ናቸው፤ ሁላችንም እማማ ነው የምንላቸው። ቤቱን የተረከብኩ ዕለት መጡና፣ "አንድ ቁልፍ ስጠኝ። ወንደላጤ ቁልፉን ጎረቤት ጋ ካላስቀመጠ ሞቶ እስኪሸት አይታወቅም" አሉኝ። እንኳን ደህና መጣህ ማለታቸው ነበር። ሰኞ ልቀዳ ስል እማማ ጎመን ይዘውልኝ መጡ። ማክሰኞ የሁለተኛ ፎቁ ሰውዬ ውሃ መጥታለች ሊለኝ መጣ። ረቡዕ ውሃ ሄዳለች ሊለኝ መጣ። ስለ ብቸኝነት ለመዝፈን ሩብ ሰዓት ብቸኝነት አጣሁ! አሁን ሳስበው ያስቀኛል፤ ያኔ ግን ግድግዳ ልነክስ ምንም አልቀረኝም።

ቅዳሜ ጠዋት ቆረጥኩ። በሩን ቆለፍኩ፣ ፍራሹን መስኮቱ ላይ አቆምኩ፣ ጆሮ ማዳመጫውን አደረግኩ፣ ከነማይክራፎኑ ከብርድ ልብስ ስር ገባሁ። ከሁለት ሰዓት ጀምሬ ያቺኑ አዝማች ደጋገምኳት።

እናንተ ዘፈኑን ከነጊታሩ ከነከበሮው ነው የምትሰሙት። እኔም በጆሮ ማዳመጫው እንደዚያው ነበር የምሰማው። ከግድግዳው ማዶ ላለ ሰው ግን ጊታር የለ፣ ከበሮ የለ። ያለው አንድ ጎልማሳ "ሰው አለኝ እላለሁ" እያለ ከብርድ ልብስ ስር ሲያቃስት ብቻ ነው፣ ለሁለት ሰዓት ተኩል። እማማ አንኳኩ፤ አልሰማሁም። ደወሉ፤ ስልኬን አጥፍቼዋለሁ። እኛ ጋ ደግሞ የሰው ለቅሶ ተሰምቶ ዝም አይባልም፤ ማን ሞተብህ ብሎ መጠየቅም ነውር ነው። ሰው ገብቶ አብሮ ያለቅሳል፤ ሟቹ ማን እንደሆነ ቀስ ብሎ ይደረስበታል።

አዝማቹን ለሠላሳኛ ጊዜ ጨርሼ ብርድ ልብሱን ከራሴ ላይ ስገፈው ዘጠኝ ሰው መኝታ ቤቴ ውስጥ ቆሟል። እኔ በካናቴራ ነኝ፣ ዓይኔ በላብ ቀልቷል፣ ፀጉሬ ቆሟል። እማማ ከፊት ናቸው፤ የነጠላቸው ጥበብ ወደ ላይ ተዘቅዝቋል። "ልጄን! የእኔ ምስኪን!" ብለው አንገቴ ላይ ተጠመጠሙ። ከኋላቸው ያሉት እዬዬ አሉ።

እስቲ አሁን በእኔ ቦታ ሁኑ። ጎረቤት ነጠላ ዘቅዝቆ፣ ቁልፍ ከፍቶ፣ ተሰብስቦ ሲገባ ምን ማለት ነው? መርዶ ነው እንጂ ሌላ ምን ሊሆን ነው! ለእኔ ደግሞ መርዶ ሊመጣ የሚችለው ከአንድ ቤት ብቻ ነው።

"አባዬ!" ብዬ ጮኽኩ።

በቃ፣ የምታውቁት ጩኸት እሱ ነው። ማይክራፎኑ አልተዘጋም ነበር። በኋላ ቀረጻውን ስንሰማ፣ ከጩኸቱ ቀጥሎ እማማ ወደ ሌሎቹ ዞረው "አባቱ ናቸው ለካ" ሲሉ በደንብ ይሰማል።

"እንዴት ሆኖ?" አልኳቸው እያለቀስኩ።

"የእግዚአብሔር ሥራ እንዴት ሆኖ አይባልም፣ ልጄ።"

"ማን ነገራችሁ?"

"ሕንፃው በሙሉ ሰምቷል እኮ!"

ስለዚህ ሞቷል። ብቻውን ነው የሞተው፤ ምናልባት ሦስቱን ብርጭቆ ደርድሮ። ባለፈው እሑድ እግሩ ላይ ወድቄ፣ ጎትቼም ቢሆን ማምጣት ነበረብኝ። እውነቴን ነው የምላችሁ፣ እንደዚያ ቀን አልቅሼ አላውቅም፤ ለእናቴም እንደዚያ አላለቀስኩም።

የእኛ ሕንፃ ሰዎች የደረጃውን አምፖል ለመቀየር ዓመት ሙሉ ይሰበሰባሉ። ድንኳን ግን በሃያ ደቂቃ ይተክላሉ። አግዳሚ ወንበር ወረደ፣ ብረት ድስት ተጣደ፣ እኔን ደግፈው አውርደው ድንኳኑ ውስጥ ፍራሽ ላይ አስቀመጡኝ። የካ ሚካኤል ልሂድ ስል "ሰው ተልኳል፣ ቀብሩን እነሱ ያስፈጽማሉ" ተባልኩ። የአባቴ ቤት በየት በኩል እንደሆነ ሲጠይቁኝ እያለቀስኩ አስረዳኋቸው። ሞቱን የሰሙ ሰዎች ቤቱን እንዴት አያውቁትም ብዬ መጠርጠር ነበረብኝ፤ ፊዚክስ የማስተምር ሰው ነኝ። ግን በሐዘን ጊዜ ማን ያስባል? ስልኬን እማማ ወስደውብኛል። "ሐዘንተኛ ብቻውን አይተውም" እያሉ ሽንት ቤት እንኳን ግራና ቀኝ ይዘው ወሰዱኝ።

የካ ሚካኤል የሆነውን አባቴ ራሱ ነው የነገረኝ፤ አሁን ላገኘው ሰው ሁሉ ነው የሚነግረው። ሁለት የእድር ሰዎች በር ላይ ሲደርሱ ጎመን ውሃ እያጠጣ ነበር።

"የመምህሩ አባት ቤት ይሄ ነው?"

"አዎ፣ ምን ነበር?"

"ለቀብሩ ጉዳይ ነበር የመጣነው።"

"የማን ቀብር?"

"የመምህሩ አባት አርፈው..."

"የመምህሩ አባት እኔ ነኝ" አላቸው አባቴ።

ተረቱ "ለቀባሪው አረዱት" ነው የሚለው፤ የእኛ እድር ለራሱ ለሟቹ አረዳው! ሰዎቹ አፋቸው ተያያዘ። አባቴ መጀመሪያ በኦሮምኛ፣ ቀጥሎ በአማርኛ የሚላቸውን ካላቸው በኋላ ኮቱን ለብሶ፣ "በሉ ውሰዱኝ። አንዲት ቃል እንዳትተነፍሱ። ምን እንደሚባልልኝ በጆሮዬ እሰማለሁ" አለ።

መጣና ድንኳኑ በር ጋ አግዳሚ ላይ ቁጭ አለ። ማንም አያውቀውም። "እግዚአብሔር ያጽናዎት" ሲሉት "አሜን" ይላል። ያ የውሃው ሰውዬ አጠገቡ ነበር፤ ራሱን እየነቀነቀ "እንዴት ያለ ደግ ሰው ነበሩ መሰለዎት" አለው።

"ያውቋቸው ነበር?" አለ አባቴ።

"እንዴታ! ባለፈው ሳምንት እንኳን አብረን ሻይ ጠጣን።"

እኔ ቀና ያልኩት በዚህ መሀል ነው። አባቴ ንፍሮውን በመዳፉ ይዞ ቆንጠር እያደረገ ይበላል። ዓይን ለዓይን ተጋጨን።

"ጨው የለውም" አለኝ።

እንዴት እንደዘለልኩ አላውቅም፤ አግዳሚ ተገለበጠ፣ እግሩ ላይ ተደፋሁ። "ማን ናቸው? ማን ናቸው?" ተባለ። ማንነቱ ሲታወቅ አንዷ ጎረቤቴ ራሷን ሳተች፣ እማማ "በስመ አብ ወወልድ!" ብለው ሦስቴ አማተቡ። ቀስ እያለ ሳቁ መጣ፤ ከመጣ በኋላ ደግሞ የሚያቆመው ጠፋ። የተቀቀለ ንፍሮ አይመለስም ተብሎ ተበላ።

ያልሳቀው አባቴ ብቻ ነው። እኔም ሞኙ፣ ሰው ሁሉ ባለበት፣ እንባዬ ሳይደርቅ "በቃ አባዬ፣ ከእንግዲህ ብቻህን አትሆንም፣ እኔ ጋ ና" አልኩት። ሰው ፊት! ፊቱ ጠቆረ።

"ብቻህን ማለት ምን ማለት ነው? ደግሞስ የት ልምጣ? በቁሜ ሊቀብረኝ ከቸኮለ እድር ጋ?" ብሎ ኮቱን አራግፎ ሄደ። ሦስት ዓመት የለመንኩት ነገር በአንድ ቅዳሜ ገደል ገባ።

ቀረጻውን ለጓደኛዬ ስወስድለት ጩኸቱ ጋ ሲደርስ ወንበሩ ላይ ደረቀ። "ይሄን እንዴት አደረግከው?" ሲለኝ ነገርኩት። ሆዱን ይዞ መሬት ላይ ተንከባለለ። "ቁረጠውና ጣለው" አልኩት። "ይሄ ከሚቆረጥ አንገቴ ይቆረጥ!" አለ። የእማማን ድምፅ ብቻ አውጥቶ ጩኸቱን እንዳለ ተወው።

የቀረውን ታውቃላችሁ። በወሩ ከታክሲ እስከ ሠርግ ቤት እሱ ሆነ፤ ለሠርግ ምን ይሠራል አትበሉኝ። አንዱ ስለ ሀገር ነው አለ፣ አንዱ ስለ እግዚአብሔር ነው አለ፤ ተማሪዎቼ የፊዚክስ ፈተና ውጤቱን ሲያይ የሚጮኽ ልጅ ነው አሉ። እማማ በር ላይ እንግዳ ሲያገኙ "እኛ ሕንፃ ላይ ነው የተቀዳው" ይላሉ።

ለእኔ ግን እንቅልፍ የለም። አባቴ የሰማው ቀን ያንን ብርጭቆ ያውቀዋል። በመስኮት እንዳየሁት ያውቃል። ለአገር እንዳሰጣሁት ያውቃል። ከዚያ በኋላ እንኳን እኔ ቤት ሊመጣ፣ በሩንም አይከፍትልኝም። ስለዚህ በራሴ ዘፈን ላይ ዘመቻ ጀመርኩ። እሑድ ስሄድ የሬዲዮኑን ባትሪ አውጥቼ ኪሴ እከታለሁ። በሚቀጥለው እሑድ አዲስ ባትሪ ገዝቶ አገኘዋለሁ፤ እሱንም አወጣለሁ። "የዘንድሮ ባትሪ ምን ነካው?" ይላል። አንድ ቀን ጎረቤቱ ዘፈኑን ከፍ አድርጎ ሲከፍተው እኔ ደግሞ ስለ ቤት ጣሪያ መጮኽ ጀመርኩ። "ምን ሆነሃል? ደንቁሬያለሁ እንዴ?" አለኝ።

ከዚያ አንድ እሑድ "ና፣ ትንሽ ሽቅብ እንውጣ" አለኝ። ባሕር ዛፉ መሀል ገብተን ወደ እንጦጦ ወጣን። ከእኔ ይፈጥናል። አንድ ቦታ ላይ ቆመና ፊቱን ወደ ከተማው አዞረ።

"ዘፈንህን ሰማሁት።"

"የቱን?" አልኩ።

"ስንት አለህ? ፀጉር ቤት ነው የሰማሁት። አስተካካዩ ምላጩን ማጅራቴ ላይ አድርጎ አብሮ ይጮኻል። ለሁለተኛ ጊዜ ልትገድለኝ ነበር።"

"አባዬ፣ ስለ ብርጭቆው ይቅር..."

"ዝም በል" አለኝ። ከተማውን እያየ፣ "እንዲህ የሚያደርግ ሰው እኔ ብቻ ነበር የሚመስለኝ" አለ። "ሰው ይታዘበኛል ብሎ ብርጭቆ የሚያጥብ። ለካ አንተም! ለምን አልነገርከኝም? በየእሑዱ እየመጣህ 'ደህና ነኝ፣ ደህና ነኝ' ትለኛለህ።"

አየኝ። ዓይኑ ውስጥ ቁጣ የለም፤ የነበረው ለእኔ መጨነቅ ብቻ ነው። የዘፈኑን "እኔ" እንዳለ አምኖታል። "ያየሁት በመስኮት ነው፣ ዘፈኑ ስለ አንተ ነው" ብል አባቴ እዚያው እንደሚሰበር ታወቀኝ።

"አፍሬ ነው" አልኩት።

"ምን ያሳፍራል! ያን ጩኸት ሰምቼ ልጄን ብቻውን ልተወው? ቅዳሜ መኪና ይዘህ ና።"

ቅዳሜ ዕቃውን ይዞ ገባ። እያንዳንዱ ደረጃ ላይ ቆሞ የሕንፃውን መሐንዲስ ሰደበ። እማማ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ጠብቀው እድር ሊመዘግቡት ሲሉ፣ "እሺ፣ ግን ሁለተኛ ድንኳን ስትተክሉ መጀመሪያ እኔን አስፈቅዱ" አላቸው። አሁን አልጋዬን ያነጥፋል፣ ካልሲዬን ይቆጥራል፣ ዜና አንባቢው ላይ እየጮኸ ፈተና እንዳላርም ያደርገኛል። አንዳንዴ በሁለት ቤት ሁለት ብቸኛ ከመሆን ይሻላል እላለሁ፤ አንዳንዴ ደግሞ ኧረ አምላኬ እላለሁ።

ባለፈው ሳምንት ከትምህርት ቤት ስመለስ ሦስተኛ ፎቅ ሳልደርስ የአባቴን ድምፅ ሰማሁ። የእማማ በር ላይ ቆሞ ያወራል።

"ለእኔማ ቤቴ ይሻለኝ ነበር" ይላቸዋል። "እዚያ ሰው በሰው ነበርኩ። ለልጁ ብዬ ነው የመጣሁት። ውሎ ሲገባ 'መጣህ?' የሚለው ሰው አልነበረውም።"

"እሱስ እውነትዎን ነው" አሉ እማማ።

የተማሪ ደብተር እንደታቀፍኩ ደረጃው ላይ ቆምኩ። አይ ሽማግሌ፣ አሁንም እንግዳ በእንግዳ ነበርኩ ይላል ብዬ ልስቅ ነበር። ከዚያ የራሴ በር ትዝ አለኝ። ስንት ዓመት ሙሉ ያንን በር በራሴ ቁልፍ ከፍቼ፣ መብራቱን አብርቼ፣ ምንም ሳልል ገብቻለሁ። ስለ ሌላ ሰው የዘፈንኩ መስሎኝ ነበር።

ወደ ቤት እስኪወጣ ጠበቅኩ። ከዚያ ኮቴዬን ጮክ እያደረግኩ ወጣሁ፣ በሩን ገፋሁ። ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ነበር፤ ዞሮም አላየኝም።

"መጣህ?" አለኝ።

"መጣሁ" አልኩትና ደብተሩን እንደታቀፍኩ አጠገቡ ተቀመጥኩ።